የማሌጋዎን ሱፐርማን፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ይህን ፊልም ለሰው ባነሳሁ ቁጥር የሚመጡልኝ ጥያቄዎች ያው ናቸው። አንድ ቦታ ሰብስቤ ብመልሳቸው ይሻላል ብዬ ነው። ፊልሙን በጣም እወደዋለሁ፣ ይህን ከወዲሁ እወቁልኝ። ቀኖቹ፣ ወሮቹና ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ለመሆኑ ምን ዓይነት ፊልም ነው?

የሱፐርማን ፓሮዲ ነው፣ ማለትም ታዋቂውን ታሪክ አስመስሎ የሚቀልድበት ፊልም። የሠሩት ደግሞ ማሌጋዎን የምትባል የሕንድ የሸማኔ ከተማ ልጆች ናቸው። በሰፈራቸው፣ በጓደኞቻቸው፣ ኪሳቸው በቻለው ገንዘብ። ሰማያዊው ልብስ አለ፣ ቀዩ ካባ አለ፣ ደረት ላይ ያለችው ምልክትም አለች። ከዚያ ውጭ ያለው በሙሉ የማሌጋዎን ነው፦ አቧራው፣ ጠባቡ መንገድ፣ ቆሻሻው፣ ሰዉ፣ ቋንቋው። ጀግናው ቀጭን ነው። ቀዩ ቁምጣ ሰፍቶታል፣ የማሰሪያው ገመድ ከፊት ለፊት ተንጠልጥሎ ይታያል። በዚያ ላይ አስም አለበት። ዓለምን ሊያድን የመጣ ሰው የከተማዋ አየር ያስለዋል።

ማሌጋዎን የት ናት?

ማሃራሽትራ ግዛት፣ ናሺክ አውራጃ ውስጥ። ከሙምባይ ወደ ሰሜን ምሥራቅ 300 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች። በ2011 ቆጠራ ከ4 መቶ ሺህ በላይ ሰው ነበራት። አብዛኛው ሙስሊም ነው፤ ብዙዎቹ ቤተሰቦች የእንግሊዝን አገዛዝ በመቃወም ከተነሳው የ1857 አመፅ በኋላ ከሰሜን ሕንድ የተሰደዱ ሸማኔዎች ዘሮች ናቸው። ዛሬ ሥራው በኤሌክትሪክ የሽመና ማሽን ነው። የማሽኑ ጩኸት ከተማውን ሙሉ ቀን ያናውጠዋል። አርብ ማሽኑ ይቆማል፣ ሸማኔው ታጥቦ፣ ሰግዶ፣ ወደ ሲኒማ ይሄዳል።

ሞሳም የሚባል ወንዝ ከተማዋን ለሁለት ይከፍላታል። በአንዱ ወገን ሙስሊሙ፣ በሌላው ሂንዱው ይበዛል። በመሃላቸው ውጥረት ጠፍቶ አያውቅም። መስከረም 8 ቀን 2006፣ አርብ ከጸሎት በኋላ፣ መስጊድና መቃብር አካባቢ ቦምቦች ፈንድተው ከ30 በላይ ሰዎች ሞቱ። መጀመሪያ የታሰሩት ደግሞ የዚያችው ከተማ ሙስሊሞች ነበሩ። ፍርድ ቤት ክሱን ውድቅ አድርጎ ያሰናበታቸው በ2016 ነው፣ አሥር ዓመት ሊሞላ ትንሽ ሲቀረው። በ2008ም ሌላ ፍንዳታ ነበር። ስለ ቀልድ ፊልም እያወራን ይህን ያነሳሁት ያለ ምክንያት አይደለም። ማሌጋዎን ስትባል ሰው ትዝ የሚለው ቦምብ ብቻ ነበር። እነዚህ ልጆች ግን ስሟ በሌላ ነገር እንዲጠራ አድርገዋል።

ዳይሬክተሩ ማነው? ፊልም የት ተማረ?

ናሲር ሼክ ይባላል። ፊልም ትምህርት ቤት ደጃፍ አልደረሰም። የቪዲዮ ቤት ባለቤት ነበር።

ቪዲዮ ቤት ምን እንደሆነ ለእኛ ማስረዳት አያስፈልግም። በየክፍለ ሀገሩ ከተማ፣ አግዳሚ ወንበር ተደርድሮ፣ መስኮቱ በጨርቅ ተሸፍኖ፣ የሕንድና የካራቴ ፊልም ስንኮመኩም ያደግን ብዙ ነን። ናሲርም የቻርሊ ቻፕሊንን፣ የበስተር ኪተንን፣ የብሩስ ሊን ፊልሞች ያሳይ ነበር። ተመልካቹ የሚያልፍ ሰው አይደለም፣ ሁልጊዜ የሚመጣ የሰፈር ሰው ነው። ስለዚህ የትኛው ቦታ ላይ ሰው እንደሚስቅ፣ የትኛው ቦታ ላይ ተነስቶ ሽንት ቤት እንደሚሄድ በዓይኑ እያየ ተማረ። ሁለት የቪዲዮ ማጫወቻዎችን አገናኝቶ ከአንዱ ወደ ሌላው እየገለበጠ መቁረጥና መቀጠል ለመደ። ኤዲቲንግ የተማረው በዚህ መንገድ ነው።

እንዲህ ዓይነቱ ሙያ ከላይ ሲታይ ቀላል ይመስላል። አይደለም። ሕዝብ ፊት ቆሞ በየቀኑ የሚፈተን ሰው የሚያገኘውን እውቀት ክፍል ውስጥ ማግኘት ይከብዳል።

ከሱፐርማን በፊት የሠሩት ፊልም አለ?

አለ። በ2000 "የማሌጋዎን ሾላይ"ን ሠሩ። ሾላይ በ1975 የወጣ የሕንድ ፊልም ነው፤ አሚታብ ባችቻን ከድሃርሜንድራ ጋር የሠራበት፣ ሕንድ ውስጥ ሰው ንግግሩን በቃሉ የሚወጣው። ናሲርና ጓደኞቹ ያንን ወስደው ማሌጋዎን አመጡት። ሽፍቶቹ በፈረስ የሚጋልቡበት ቦታ ላይ ሳይክል ገባ። ባቡር ሲዘረፍ የሚታይበት ትዕይንት አውቶቡስ ላይ ሆነ። ወጪው 50 ሺህ ሩፒ አካባቢ እንደነበር ይነገራል። ከተማው በደስታ አበደ። ሰዉ የራሱን ጎረቤት፣ የራሱን ጎዳና ስክሪን ላይ ሲያይ የመጀመሪያው ነበር። ከዚያ ሌላ የሕንድ ፊልም ላይ ፓሮዲ ሠሩ፣ ከዚያ ዓይናቸውን ሆሊውድ ላይ ጣሉ።

ግን ለምን ሱፐርማን?

ሁሉም ሰው ስለሚያውቀው። ፓሮዲ የሚሠራው ተመልካቹ ዋናውን ካወቀው ነው። ካላወቀው ምን እንደተቀየረ አይገባውም፣ ካልገባው አይስቅም። ሱፐርማንን ደግሞ ኮሚክ መጽሐፍ በእጁ ይዞ የማያውቅ ሰው እንኳ ካባውን አይቶ ይለየዋል።

ሁለተኛው ምክንያት የእኔ ነው። ሱፐርማን ከማንም በላይ ሁሉ የተሳካለት ሰው ነው። አይደማም፣ አይደክመውም፣ አይራብም። ናሲር ያደረገው ይህን ሰው ወስዶ ማሌጋዎን ማኖር ነው። እስቲ እዚህ ኑር፣ ይህን አየር ሳብ፣ በዚህ መንገድ ሂድ፣ ከዚያ ጀግንነትህን እናያለን ማለት ነው።

ሱፐርማን ራሱ የመጣው ከዚህ ብዙም ከማይርቅ ቦታ መሆኑን ብዙ ሰው አያውቅም። የፈጠሩት ጄሪ ሲግልና ጆ ሹስተር የክሊቭላንድ ልጆች ነበሩ፣ ከስደተኛ አይሁድ ቤተሰብ የተወለዱ፣ በዚያ ክፉ የኢኮኖሚ ዘመን ገንዘብ የሌላቸው። በ1938 ለመጀመሪያ ጊዜ ሲታተም የገጸ ባሕርዩን መብት በ130 ዶላር ነው የሸጡት። መጽሔቱ 10 ሳንቲም ነበር ዋጋው። የያኔው ሱፐርማን መብረርም አይችልም ነበር፣ ይዘል ነበር እንጂ። ከጠፈር ጭራቅ ጋርም አይታገልም። የሚታገለው ሚስቱን ከሚደበድብ ሰው፣ ሙሰኛ ፖለቲከኛን ከሚያሽከረክር ደላላ፣ ሠራተኛው እንዳይሞት ለማዕድን ጉድጓዱ ገንዘብ ከማያወጣ ባለሀብት ጋር ነበር። በኋላ ነው ፕላኔት መግፋት የጀመረው። የማሌጋዎኑ ሱፐርማን ቆሻሻ ከሚወድ ክፉ ሰው ጋር ሲጣላ ሳይ፣ ይህ ገጸ ባሕርይ ወደ ቤቱ የተመለሰ ነው የሚመስለኝ።

ቆሻሻ የሚወድ?

አዎ። የፊልሙ ክፉ ሰው የሚፈልገው ከተማው እንዲቆሽሽ ነው። ቆሻሻ ያስደስተዋል። የተጫወተው አክራም ካን ነው። ሆሊውድ ውስጥ ክፉው ሰው ዓለምን ሊገዛ ያስባል፤ ማሌጋዎን ውስጥ ግን ሰው በየቀኑ የሚያማርረው ያልተነሳ ቆሻሻና የሚያፍን አየር ነው። ጠላቱን ከሕዝቡ ኑሮ አወጡት። ስክሪፕት የሚጽፍ ሰው እዚህ ጋ ቆም ብሎ ቢያስብ ደስ ይለኛል።

ሱፐርማን ሆኖ የሠራው ማነው?

ሻፊቅ ሼክ። የሽመና ማሽን ሠራተኛ ነበር። ረጋ ያለ፣ ዓይን አፋር፣ ሰውነቱ እንደ ሸምበቆ የቀጠነ። የፊልም ፍቅሩ ግን ጥግ የለውም። ቀረጻ ለመሄድ ከማሽኑ ላይ ፈቃድ መጠየቅ ነበረበት፤ ያልሠራበት ቀን ደግሞ አይከፈልም። በቀረጻው መሃል ሚስት አገባ። ቀረጻው ሰርጉን ጠበቀ፣ ሙሽራው ደግሞ ተመልሶ ካባውን ለበሰ።

እኔ የምወድለት አንድ ነገር አለ። አይቀልድም። ያ ሁሉ ሰው በሚስቅበት ልብስ ውስጥ ቆሞ ፊቱ ላይ ያለው ሱፐርማን ነኝ ብሎ ያመነ ሰው መልክ ነው። ደረቱን ይነፋል፣ እጁን ወገቡ ላይ ያደርጋል፣ ወደ ሰማይ ያያል። ኮሜዲ ላይ ትልቁ ስህተት ተዋናዩ አስቂኝ መሆኑን አውቆ ለተመልካቹ ዓይኑን መጥቀሱ ነው። ሻፊቅ ያንን አንዴም አያደርግም። ማንም ሳያስተምረው።

እንዴት አድርገው ነው የሚያበሩት?

ይህ ጥያቄ ነው ከሁሉም በላይ የሚበዛው።

መጀመሪያ የ1978ቱን የሆሊውድ ሱፐርማን አስቡ። 55 ሚሊዮን ዶላር ወጥቶበታል። ክሪስቶፈር ሪቭ በእውነት የሚበር እንዲመስል ለዚያ ፊልም ሲባል አዲስ የፕሮጀክተር ዘዴ ተፈጥሯል። በልዩ ምስል ሥራውም ልዩ ኦስካር አግኝቷል።

ማሌጋዎን ውስጥ የነበረው አረንጓዴ ጨርቅ ነው። ዘዴው ክሮማ ይባላል፣ አሁን ማንኛውም የሰርግ ቪዲዮ የሚሠራ ልጅ ያውቀዋል። ሰውየውን አረንጓዴ ጨርቅ ፊት ታነሳዋለህ፣ ከዚያ ኮምፒውተሩ አረንጓዴውን ሁሉ አንስቶ በቦታው ሌላ ምስል ያስገባል፦ ሰማይ፣ ደመና፣ ጣሪያ። ሰማያዊ ጨርቅም ይሆን ነበር፣ ግን ሱፐርማን ሰማያዊ ስለለበሰ አብሮ ይጠፋል። ስለዚህ አረንጓዴ።

ሲነገር ቀላል ነው። ሲሠራ ግን ጨርቁ መጨማደድ የለበትም፣ ጥላ መውደቅ የለበትም፣ ብርሃኑ ከዳር እስከ ዳር እኩል መሆን አለበት። አንድ ጥግ ጠቆር ካለ ኮምፒውተሩ ያንን አረንጓዴ አላውቀውም ይላል። ትልልቅ መብራት ያለው ስቱዲዮ ይህን በአንድ ሰዓት ያስተካክላል። እነሱ ከፀሐይና ከንፋስ ጋር ነው የሚታገሉት። ሰውየውንም በአየር ላይ በሆዱ አስተኝተው፣ እጁን ወደ ፊት አስዘርግተው፣ ሆዱ እንዳይረግብ እየጮሁበት ያቆዩታል። ሞክሩት እስቲ፣ በሆድ ተንጠልጥሎ ክንድን ዘርግቶ ፈገግ ማለት ምን ያህል እንደሚያደክም። ሻፊቅ ያንን ደጋግሞ አደረገው።

ለሌላውም ነገር የራሳቸው መፍትሔ ነበራቸው። ካሜራው ተከትሎ እንዲሄድ ሲፈለግ ካሜራ የያዘው ሰው ሳይክል ላይ ይቀመጣል፣ ሌላው ይገፋዋል። ከላይ ወደ ታች የሚወርድ ምስል ሲፈለግ የበሬ ጋሪ አለ፤ በአንዱ ጫፍ ሰው ይከብዳል፣ በሌላው ጫፍ ካሜራ ማኑ ይነሳል። ክሬን ማለት ያ ነው። ሌላ ምንም አይደለም። ውድ በሆነው ክሬንም የሚሠራው ሕግ ይኸው ነው፣ በአንድ ወገን ክብደት፣ በሌላ ወገን ካሜራ። ናሲር ዕቃውን ሳይሆን ሕጉን ነው የተረዳው።

ካሜራቸው ውኃ ውስጥ ወደቀ የሚባለው እውነት ነው?

እውነት ነው፣ ስለ ቀረጻው በተሠራው ዶክመንተሪ ላይ ይታያል። ውኃ ያለበት ትዕይንት እየቀረጹ ነበር። ያለቻቸው ካሜራ ወደቀች። ያኔ የሚታየው የሁሉም ፊት አይረሳኝም። ማንም ማንንም አልሰደበም። ካሜራዋን አወጧት፣ ውኃዋን አራገፉ፣ አስጠገኗት፣ ቀጠሉ። ለትልቅ ፕሮዳክሽን ይህ የኢንሹራንስ ጉዳይ ነው። ለእነሱ ፊልሙ በቃ ቀረ ማለት ሊሆን ይችል ነበር።

ፊልሙ ላይ መሳቅ በድሆች ላይ መሳቅ አይሆንም?

ጥሩ ጥያቄ ነው፣ ሰው ሁሉ ሊጠይቀው የሚገባም ነው።

የእኔ መልስ አይሆንም ነው፣ ግን እንዴት እንደምትስቅ ይወስነዋል። አንድ ዓይነት ሳቅ አለ፦ "አየሃቸው ምስኪኖቹን፣ ይህንንም ፊልም ብለው!" የሚል። ኢንተርኔት ላይ የአፍሪካና የእስያ ርካሽ ፊልሞች ቁራጭ እየተለቀመ የሚሳቅበት በዚህ መንገድ ነው። ያንን ሳቅ አልወደውም። የሚስቀው ሰው ሠሪዎቹ የማያውቁትን እሱ ያወቀ ይመስለዋል። የማሌጋዎን ልጆች ግን ሁሉንም ያውቃሉ። የተንጠለጠለችው የቁምጣ ገመድ በስህተት የቀረች አይደለችም፣ እነሱ ያንጠለጠሏት ናት። አስሙን እነሱ ጻፉት። ቀልዱ የእነሱ ነው፤ ተመልካቹ ሲስቅ እነሱ ባሰቡት ቦታ ላይ ነው የሚስቀው።

ደግሞ ለማን ነው የተሠራው? ለሙምባይ ተቺ አይደለም። ለለንደን ፌስቲቫል አይደለም። ቀኑን ሙሉ የማሽን ጩኸት ሲሰማ ለዋለ፣ የጥጥ ብናኝ ሲስብ ለኖረ ሸማኔ ነው። ያ ሰው አስም ያለበት ሱፐርማን ሲያይ በማንም ላይ አይደለም የሚስቀው። እሱም ይስላል። ያ ሁሉ ኃይል ያለው ጀግና እንኳ እዚህ ቢኖር እንደኔው ነበር የሚሆነው ይላል። እኔ በዚህ ውስጥ ንቀት አይታየኝም፣ የሚታየኝ ክብር ነው።

ዝቅተኛ በጀት ራሱ ቀልድ አይደለም። ብዙ ርካሽ ፊልሞች አሉ፣ አያስቁም። ይህ የሚያስቀው ድርሰቱ ስለታሰበበት ነው። ጸሐፊው ፋሮግ ጃፍሪ በዶክመንተሪው ላይ ሲናገር ብትሰሙት ምን ያህል እንደሚጨነቅበት ይገባችኋል። ሙምባይ 300 ኪሎ ሜትር ብቻ ርቃ፣ ለእሱ ግን በሯ የተዘጋ ነበር።

ሴት ተዋናዮችስ?

የማሌጋዎን ሴቶች ፊልም ላይ አይሠሩም ነበር፣ ቤተሰብም ማኅበረሰቡም አይፈቅድም። ስለዚህ ተዋናይቷን ከሌላ ከተማ በክፍያ ያመጣሉ። እሷ የምትቆይበት ቀን ደግሞ ውስን ስለሆነ የእሷ ትዕይንቶች ተጣድፈው ይቀረጻሉ። ፊልሙን የቱንም ያህል ብወደው ይህ ጎኑ ያሳዝነኛል። ያ ሁሉ ችሎታ ባለበት ከተማ ውስጥ ግማሹ ሰው ከካሜራው ውጭ ነው የቀረው። ዶክመንተሪውን የሠራችው ሴት መሆኗን እዚህ ጋ ማንሳት ተገቢ ይመስለኛል።

በሕግ አይጠየቁም? ሱፐርማን የኩባንያ ንብረት አይደለም እንዴ?

ነው። ባለመብቱ ዲሲ ኮሚክስ ነው። አሜሪካ ውስጥ ፓሮዲ የተወሰነ ጥበቃ አለው፤ በ1994 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ፓሮዲ እንደ ተገቢ አጠቃቀም ሊቆጠር ይችላል ብሎ ወስኗል፣ የንግድ ዓላማ ቢኖረውም እንኳ። ይችላል ነው ያለው፣ ሁልጊዜ አይደለም። የሕንድ የ1957 የቅጂ መብት ሕግ ለሂስና ለግምገማ ቦታ ይሰጣል፣ ፓሮዲ የሚል ቃል ግን የለበትም። የ1938ቱ የመጀመሪያው ሱፐርማን አሜሪካ ውስጥ ለሁሉም ነጻ የሚሆነው በ2034 መጀመሪያ ላይ ነው። በኋላ የተጨመረው ነገር ሁሉ ግን አብሮ ነጻ አይሆንም፣ የንግድ ምልክቱም ሌላ ጉዳይ ነው። እንዲህ ዓይነት ፊልም ሠርታችሁ ልትሸጡ ካሰባችሁ የአገራችሁን ጠበቃ አማክሩ።

ዶክመንተሪ ትላለህ፣ ፊልም ትላለህ፣ ሌላም አለ ይባላል። ስንት ናቸው?

ሦስት ናቸው፣ ሰውም ይቀላቀሉበታል።

አንደኛው ናሲር የሠራው ፓሮዲ ራሱ ነው። ሁለተኛው ፋይዛ አህመድ ካን የሠራችው ዶክመንተሪ ነው፣ የፓሮዲው ቀረጻ ሲካሄድ ቦታው ላይ ሆና ያነሳችው። የ2008 ሥራ ነው፤ ብዙ ፌስቲቫል ዞሮ ሕንድ ውስጥ ሲኒማ ቤት የገባው ግን ሰኔ 2012 መጨረሻ ላይ ነው። የማሌጋዎንን ስም ዓለም የሰማው በእሷ ሥራ ነው። ሦስተኛው የቦሊውድ ልብ ወለድ ፊልም ነው፣ የናሲርንና የጓደኞቹን ታሪክ መሠረት ያደረገ። ሪማ ካግቲ አዘጋጀችው፣ ቫሩን ግሮቨር ጻፈው። በ2024 ቶሮንቶ ፌስቲቫል ላይ ታየ፣ የካቲት 28 ቀን 2025 ሲኒማ ገባ። አዳርሽ ጎራቭ ናሲርን፣ ቪኒት ኩማር ሲንግ ጸሐፊውን ፋሮግን፣ ሻሻንክ አሮራ ሻፊቅን ሆነው ይሠራሉ። የጓደኝነቱ ነገር፣ ማን ስሙ ተጠራ ማን ተረሳ የሚለው ቅያሜ፣ በዚህኛው ላይ በደንብ ይወጣል።

ሻፊቅ አሁን የት ነው?

አርፏል። በካንሰር። ዶክመንተሪው ሕንድ ሲኒማ ቤት ሳይገባ። ያ ሁሉ ሰው ስሙን ሲያነሳ፣ ታዋቂ ተዋናይ እሱን ሆኖ ሲሠራ አላየም። የከተማው ሰው ግን ሱፐርማን ብሎ ነበር የሚያውቀው፣ ያንን አይቷል።

እንዲህ ዓይነት ሌላ ፊልም አለ?

አለ። ፊሊፒንስ ውስጥ በ1966 ታዋቂው ኮሜዲያን ዶልፊ ባትማንን ከጄምስ ቦንድ ጋር ቀላቅሎ አንድ ፊልም ሠርቷል፣ ሁለቱንም እሱ ሆኖ። አውስትራሊያ ውስጥ ደግሞ በ2007 ዳሪዮ ሩሶ የአደሌድ ፍሊንደርስ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ ከጓደኞቹ ጋር "ጣልያናዊው ስፓይደርማን" የሚል የማስታወቂያ ቪዲዮ ለቀቀ። ፂማም፣ ቦርጫም፣ ሲጋራ ከአፉ የማይለይ ስፓይደርማን ነው። የድሮ የጣልያን አክሽን ፊልሞችን አስመስለው ነው የሠሩት። ኢንተርኔት ላይ ስለተወደደ በ2008 በአጫጭር ክፍሎች ቀጠሉት። ሁለቱም ደስ ይላሉ። ግን እነዚያ የሚቀልዱት በሌላ ፊልም ላይ ነው፤ የማሌጋዎኑ በራሱ ከተማ ኑሮ ላይ ነው የቆመው፣ ስለዚህ እኔ ጋ ይበልጣል።

እኔም ከጓደኞቼ ጋር አንድ አጭር ፓሮዲ መሥራት እፈልጋለሁ። ከእነሱ ምን ልውሰድ?

ካሜራ እንዳላችሁ እወራረዳለሁ፣ ኪሳችሁ ውስጥ ያለው ስልክ ናሲር ከነበረው ካሜራ በብዙ ይሻላል። ስለዚህ ስለ ዕቃ አልናገርም።

መጀመሪያ ጀግናውን ወደ ሰፈራችሁ አምጡት። ታክሲ ሰልፍ ላይ ይቁም። መብራት ይጥፋበት። ካባውን ለማሳጠብ ውኃ የሚመጣበትን ቀን ይጠብቅ። ኃያልነቱ እዚህ ምን ያህል እንደሚጠቅመው ጠይቁ፣ ታሪኩ ራሱ ይመጣል። ስፓይደርማን ሆሊውድ ውስጥ እንደሚዘልለው እዚህም እንዲዘልል ካደረጋችሁት፣ የምትሠሩት ደካማ ቅጂ ነው።

ተዋናዩን ቀልድ እንዳይቀልድ ንገሩት። ነገሩን አምኖ ይሥራው። ድምፅ ላይ አትሰስቱ፤ ሰው ደብዛዛ ምስል ይታገሳል፣ የማይሰማ ንግግር ግን አይታገስም፣ ቀልድ ደግሞ ቃሉ ካልተሰማ ሞተ። ስልኩን ሩቅ አስቀምጣችሁ ድምፅ አትቅረጹ፣ ሌላ ስልክ ተዋናዩ ኪስ ውስጥ ክተቱና በኋላ አዛምዱት። አሳጥሩ። ናሲር ቪዲዮ ቤት ውስጥ ሰው የሚነሳበትን ደቂቃ ያይ እንደነበረው፣ እናንተም ሳትለቁት በፊት ሰፈር ውስጥ ለአምስት ስድስት ሰው አሳዩትና ስክሪኑን ሳይሆን ፊታቸውን ተመልከቱ።

አብረዋችሁ የሠሩትን ሰዎች ስም በሙሉ ጻፉ። ጸሐፊውን በተለይ።

ከየትኛው ልጀምር?

ከዶክመንተሪው። አንድ ሰዓት ገደማ ነው፣ አያደክምም፣ ሰዎቹንም ከተማውንም ያስተዋውቃችኋል። ከዚያ ፓሮዲውን ፈልጉና እዩት፣ ቋንቋውን ባትሰሙም አብዛኛው ቀልድ በዓይን የሚታይ ነው። የቦሊውዱን መጨረሻ ላይ አድርጉት። መጀመሪያ እሱን ካያችሁ እውነተኛውን ሻፊቅ ስታዩ ተዋናዩን መፈለግ ትጀምራላችሁ፣ ያ ደግሞ ለሻፊቅ አይገባውም።